ማንጎ የጫነችው የስፔን መርከብ

ረቡዕ፣ ከአውቶቡስ ተራ

ሐምዳን መጋቢት መጨረሻ ላይ ደወለና "ሸራ ስፊልኝ" አለኝ። ሸራ መስፋት እንጀራዬ ነው። መርካቶ ባለችው ጠባብ ሱቄ የሠርግ ድንኳን፣ የለቅሶ ድንኳን፣ የጭነት መኪና ልባስ እሰፋለሁ፤ ስለዚህ ወረቀትና እርሳስ አንስቼ ልኩን ጠየቅሁት። የሦስት ምሰሶ ሸራ ነው አለኝ፤ የመካከለኛው ከሁሉም የሚበልጥ፣ ከላይ ጠበብ ከታች ሰፋ የሚል፣ ነፋስ ሲያገኘው ሆዱን የሚነፋ። እርሳሱን አስቀምጬ ሳቅሁ። ጡረታ ሊወጣ ጥቂት ወር የቀረው ሰው፣ ባሕር በሌለበት አገር፣ አሶሳ ላይ ሆኖ የስፔን የጦር መርከብ እየሠራ ነው።

ሐምዳንን ለማያውቅ ሰው ነገሩ እብደት ይመስላል። ዩኒቨርሲቲ ሳለን ሁለታችንም ታሪክ እናጠና ነበር። ቤተ መጻሕፍቱ ውስጥ ስለ ስፔን ባሕር ኃይል የሚተርክ፣ ማንም የማይነካው ወፍራም መጽሐፍ ነበርና ጠዋት እሱ፣ ከሰዓት እኔ እየተቀባበልን አነበብነው። የእኔ ልብ የቀረው ጋሊዮን ከሚባሉት መርከቦች ዘንድ ነው፤ ከአሜሪካ የተቆፈረውን ብር ጭነው፣ መድፋቸውን ደግነው፣ በቡድን ሆነው ውቅያኖስ ከሚያቋርጡት። እሱ ደግሞ ከዚያ በጣም ዘግይተው በተሠሩት፣ ፎቅ በፎቅ ላይ በተደረበባቸው ግዙፎች ፍቅር ወደቀ። እስከ ዛሬ በዚህ እንጣላለን። እኔ ጥቂት ዓመት አስተምሬ ወደ እናቴ የስፌት መኪና ተመለስኩ፤ እሱ ወደ ትውልድ አገሩ ሄዶ እዚያው እያስተማረ ሸበተ።

አሁን የሚሠራት መርከብ "ሳንቲሲማ ትሪኒዳድ" የምትባለዋ ናት፤ በእኛ ቋንቋ ቅድስት ሥላሴ ማለት ነው። ኩባ ውስጥ፣ ሃቫና ከተማ፣ ቶሎ ከማይበሰብስ የሞቃት አገር እንጨት ተሠርታ ለስፔን ነገሥታት ያገለገለች መርከብ ናት። በዘመኗ የእሷን ያህል መድፍ የተሸከመ አልነበረም። ሐምዳን ሙስሊም ነው፤ ስሟን ግን አንዲት ፊደል ሳይዘልል ሙሉውን ነው የሚጠራው።

ነገሩ ጨዋታ ብቻ ቢሆን ሸራውን በሰው እልክለት ነበር። ግን ሐምዳን የተጨነቀበት ጉዳይ አለ። ትምህርት ቤታቸው ውስጥ "የመርከብ ክፍል" የሚሉት አንድ ክፍል አለ፤ ተማሪዎች ከዓመት ዓመት ከቅል፣ ከቆርቆሮና ከሽመል የሠሯቸው መርከቦች የተደረደሩበት። ሽመል የቆላው ቀርቀሃ ነው። አዲሱ ዳይሬክተር ያን ክፍል ለመጻሕፍት ማከማቻ ፈለገው። ሐምዳን አልለቅም አለ፤ ሲነታረኩ ከርመው በመጨረሻ ተስማሙ። ዘንድሮ ተማሪዎቹ የሠሯት ትልቋ መርከብ ሰው ሁሉ እያየ ውሃ ላይ ቀጥ ብላ ከቆመች ክፍሉ ለመርከቦቹ ይቀራል፤ ከወደቀች ሐምዳን ጡረታ ሳይወጣ ክፍሉ ይለቀቃል። ቀኑ ቅዳሜ ነው። እንግዲህ ሸራዬን በሰው እጅ እንዴት ልላከው?

ሁለት ጭነት ነበረኝ፤ ተጠቅልሎ የታሰረው ሸራና አንድ ጆንያ መድፍ። መድፎቹን የሠራው የሶፋ እግር በቶርኖ የሚያወጣው ጎረቤቴ ነው። እውነቱን ለመናገር የሶፋ እግሮች ናቸው፤ አፋቸውን ቦርቡሮ ጥቁር ቀለም ሲቀባቸው መድፍ ሆኑ። የአውቶቡሱ ረዳት ጆንያውን ብድግ አድርጎ "ማዘር፣ ምንድን ነው እንዲህ የሚከብደው?" አለኝ። እንጨት ነው አልኩት። ለጭነቱ ሦስት መቶ ብር ጠየቀኝ፣ በሁለት መቶ ተስማማንና ጎህ ሲቀድ ወጣን።

አምቦ ላይ ቁርስ በላን። ከጌዶ ዳገት በኋላ መንገዱ ወደ ባኮ ሲወርድ ሙቀቱ ገባ፤ ሰው ሁሉ ጋቢውን እያጠፈ ጭኑ ላይ አስቀመጠ። እኔ በመስኮት ማሳ ሳይ የበቆሎውን ብዛት ሳይሆን የዛፉን ቁመት እያየሁ፣ ይሄ ለምሰሶ ይሆናል፣ ያ አይሆንም እያልኩ ስመርጥ ዋልኩ። የሐምዳን በሽታ ወደ እኔ መጋባቱን ያወቅሁት ያኔ ነው። ነቀምቴ ስንደርስ አመሻሽ ላይ ነበር። በስድስት መቶ ብር ንጹሕ አልጋ አገኘሁ፤ ለራት በቅቤ የራሰ አንጮቴ አቀረቡልኝ። አንጮቴ ከመሬት የሚቆፈር፣ ወለጋዎች የሚኮሩበት ሥራ ሥር ነው፤ እኔም ከጎኑ ሌላ ምግብ ሳላዝ ደግሜ አስጨመርኩ።

ሐሙስ፣ ከነቀምቴ ወዲያ

በማግስቱ ሾፌሩ መንገዱ ሰላም መሆኑን በስልክ አጣርቶ ተነሣን። ግምቢን እንዳለፍን አንድ ኬላ ላይ ውረዱ ተባልን። ፈታሹ ረጋ ያለ ወጣት ፖሊስ ነው። የሰውን ሻንጣ ሁሉ አይቶ እኔ ጋ ሲደርስ ጆንያውን ፈታና አንዱን ጥቁር ነገር ወደ ብርሃን አነሣው።

"ይሄ ምንድን ነው እናቴ?"

የሶፋ እግር ነው ብል እውነት ነበር። እኔ ግን ስለዚህች መርከብ ሳስብ ስለከረምኩ ምላሴ ቀደመኝ።

"መድፍ ነው" አልኩት።

ሰልፉ ሁሉ ዞሮ አየኝ። ረዳቱ እጁን ራሱ ላይ ጭኖ ወደ ሰማይ አየ። ፖሊሱ መድፉን አገላብጦ፣ አፉን አይቶ፣ በጥፍሩ ቀለሙን ጫር አድርጎ እንጨት መሆኑን አረጋገጠ። ከዚያ ፊቱን ሳይፈታ "ማንን ሊመታ ነው?" አለኝ። "እንግሊዞችን" አልኩት። አጠገቤ የቆሙ አንዲት እናት ቀድመው ሳቁ፤ ከዚያ ሰልፉ ሁሉ ሳቀ፤ ፖሊሱም አልቻለም።

ስቆ ግን አላለፈኝም። ከመጀመሪያው ይንገሩኝ አለና ድንጋይ ላይ ተቀመጠ። እኔም አስተማሪነቴ ተነሣብኝ። ስፔን ከአሜሪካ ብር የምታመጣበትን መንገድ፣ ብሩን ባሕር ላይ የሚያደቡ ዘራፊዎች እንዳይወስዱት መርከቦቹ በቡድን እንደሚሄዱ፣ እንግሊዝን ለመውረር የላኩት ትልቅ የባሕር ጦር በመድፍ ተጎድቶ ወደ አገሩ ሲመለስ ማዕበል እንደበተነው ነገርኳቸው። ሰው እንደሚለው ስፔን በዚያ አልሞተችም። መርከቦቿን መልሳ ሠራች፤ ከሁለት መቶ ዓመት በኋላም ከታላላቆቹ ባሕር ኃይሎች አንዷ ነበረች። ችግሩ መርከቡ ሞልቶ የሠለጠነ መርከበኛ ማጣቷ ነው፤ በመጨረሻው ዘመን ባሕር አይተው የማያውቁ ሰዎችን ከየመንገዱ እየለቀሙ ያሳፍሩ ነበር።

የሳቁት እናት መርከቧ ምን ሆነች ብለው ጠየቁ። ቅድስት ሥላሴ መጀመሪያ ሦስት የመድፍ ፎቅ ነበራት፤ በኋላ አራተኛ ጨመሩባት። ግርማ ሞገሷ አስፈሪ ሆነ፤ አካሄዷ ግን ከበፊቱም ባሰ፤ ላይዋ ከብዶ ትወዛወዛለች። ትራፋልጋር በተባለው ጦርነት ምሰሶዎቿ ሁሉ ተሰባብረው ወደቁ፤ እንግሊዞች ማርከው ሊጎትቷት ሲሞክሩ ማዕበል መጣና ሰጠመች። እናትየው ከንፈራቸውን መጠጡ። ሐምዳን የሚሠራት እሷን መሆኗን፣ ቅዳሜ ቀጥ ብላ ካልቆመች ክፍሉን እንደሚቀማ ስነግራቸው ደግሞ ነገሩ የሁላችንም ሆነ። ፖሊሱ ጆንያውን በራሱ እጅ አስሮ አስጫነልኝና "ሲመለሱ መቆም አለመቆሟን ሳይነግሩኝ አያልፉም" አለኝ።

መንዲን አልፈን የዳቡስን ድልድይ ስንሻገር አገሩ ተለወጠ። ሣሩ ረጅም ነው፤ በየኮረብታው ሽመል ጥቅጥቅ ብሎ ይታያል። ባምባሲ ላይ አውቶቡሱ ገና ሳይቆም ማንጎ በየመስኮቱ ገባ። ሻጮቹ በኦሮምኛም በአማርኛም ይጠራሉ፤ አንድ ሙሉ ሳፋ በሃምሳ ብር። አዲስ አበባ በዚያ ብር የሚገዛው ትዝ ሲለኝ ሻጯን እንዳታለልኳት ተሰማኝ። አሶሳ ስንገባ ፀሐይ ልትጠልቅ ነበር፤ ሐምዳን መናኸሪያው በር ላይ ቆሞ ከሰላምታ በፊት የሸራውን ጥቅል እቅፍ አደረገ። እኔን ቀጥሎ ነው ያቀፈኝ።

ዓርብ፣ አሶሳ

ያረፍኩት ከሐምዳን ታላቅ እህት ከእትዬ ሐዋ ቤት ነው። ገበያ ውስጥ ምግብና ከርከዴ የሚባል ቀይ መጠጥ የሚሸጡ፣ ሰፊ፣ ድምፃቸው ግቢውን የሚሞላ ሴት ናቸው። አፍ የፈቱት በበርታ ቋንቋ ስለሆነ በአማርኛ ሲናገሩ ወንድም ሴትም ለእሳቸው "አንተ" ነው። ጠዋት የማሽላ ገንፎ ከባሚያ ወጥ ጋር አቅርበው "ብላ፣ አንተ ቀጭን ነህ" አሉኝ። ቀጭን ከተባልኩ ሃያ ዓመት ይሆነኛልና ገንፎውን በደስታ ጨረስኩት።

ከዚያ መርከቧን አየኋት። የትምህርት ቤቱ ግቢ ውስጥ፣ በማንጎ ዛፎች መካከል፣ የአይሱዙ መኪና ጀርባ ያህል ሆና ቆማለች። አጥንቷ ሽመል ነው። የአሶሳ ሽመል እንደ ደጋው ቀርቀሃ ውስጡ ክፍት አይደለም፤ ድፍን ነው፤ ቤት የሚሠሩበትም ለዚያ ነው። ጎኗን ልጆቹ እንደ ቤት ግድግዳ ጠፍረው ሠርተውታል። ከውጭ በወፍራም ላስቲክ ተለብጧል፤ በሁለቱ ጎኖቿ ቢጫ ጀሪካኖች ተደብቀው ታስረዋል። ፎቆቿ አራት ናቸው። ሐምዳን ሦስት ብሎ ነበር የነደፈው፤ ልጆቹ እውነተኛዋ አራት ነበራት ብለው ተሟገቱትና ረቱት።

"ላይዋ አልከበደም?" አልኩት።

"ከብዷል እንጂ" አለኝ በደስታ። "ልክ እንደ እሷ።"

መድኃኒቱንም አዘጋጅቷል። የድሮ መርከበኞች መርከብ እንዳትገለበጥ ከሆዷ ግርጌ ድንጋይ ይጭኑ ነበር። ሐምዳን ግን ድንጋይ ላስቲኩን ይቀድብኛል ብሎ ፈራ። ሚያዝያ ላይ አሶሳ ውስጥ ከባድ፣ ለስላሳ፣ ማንም የማይሰስተው ነገር ቢባል አንድ ነው። እያንዳንዱ ተማሪ ከየቤቱ ማንጎ አመጣ፤ አሥራ ምናምን ማዳበሪያ ሞላ፤ መርከቧ ሆድ ውስጥ ተደረደረ። የእኔ ጋሊዮኖች ሲመለሱ ከሆዳቸው ብር ይጫን ነበርና "ስፔኖች ብር ጫኑ፣ እኛ ማንጎ" እያለ አሾፈብኝ። ሐሙስ ዕለት በሠፈሩ ኩሬ ሞክረዋት እንደ ሐውልት ቆማ ነበር።

ቀኑን ሙሉ ልጆቹ ምሰሶ ላይ እየወጡ ሸራዬን አሰሩ። እኔ ከታች ቆሜ ሳብ፣ ላላ እያልኩ ጉሮሮዬ ደረቀ። የመካከለኛው ሸራ ተዘርግቶ ነፋስ ሲገባበት ያሳለፍኳቸው ዓመታት ሁሉ፣ የሰፋኋቸው የለቅሶ ድንኳኖች ሁሉ፣ ለዚህ ልምምድ ነበሩ ብዬ አሰብኩ። ደስ አለኝ፤ በጣም ደስ አለኝ።

ዳይሬክተሩ አቶ ይመር ከሰዓት መጥቶ አያት። አባትና እናቱ በደርግ ጊዜ ከወሎ መጥተው የሰፈሩ ናቸው፤ እሱ እዚሁ ተወልዶ እዚሁ ሐምዳን አስተምሮታል። ክፉ ሰው መስሎኝ ተዘጋጅቼ ነበር፤ አይደለም። ኮሪደር ላይ ተከምረው በላስቲክ የተሸፈኑ አዳዲስ መጻሕፍት ወስዶ አሳየኝ። "እህቴዋ፣ ክረምቱ ደጅ ላይ ነው። እኒህን ዝናብ ሲበላብኝ ምን ልበል?" አለኝ። ሐምዳን ደግሞ በር ላይ ቆሞ የመርከብ ክፍሉን ቁልፍ በጣቱ እያሽከረከረ መሬት መሬት ያይ ነበር። ያን ክፍል ካጣ ሥራውን ሁሉ እንዳጣ የሚቆጥረው መሆኑ ከፊቱ ይነበባል።

ቅዳሜ፣ ወደ ሐይቁ

የአሶሳ ሰው አሁን ባሕር አለው። የግድቡ ውሃ ዓባይን ተከትሎ ወደ ኋላ ተንጣልሎ፣ ድሮ ሰው በእግሩ የወረደባቸውን ሸለቆዎች ሞልቷል። መርከቧን አይሱዙ ላይ ጫንንና እኛ በሦስት መኪና ተከተልናት። በመንጌ በኩል የሚሄደው መንገድ አቧራው ቀይ ነው፤ ከከተማው ወዲያ ደግሞ መንገድ ሳይሆን የመንገድ ሐሳብ ነው። ያየን ሁሉ ሥራውን ትቶ ወጣ። ሦስት ምሰሶ ያላት መርከብ በሽመል ጫካ መካከል በመኪና ስትሄድ በየቀኑ አይታይም።

እንግዲህ ስሕተቱ የተሠራው እዚህ ላይ ነው፤ የሠራነውም ሁላችንም ነን። መንጌ ላይ ስንቆም ሽማግሌዎች ሊያዩአት መጡ። ሐምዳን የዚያው አገር ልጅ ነው፤ እንግዳ ሲመጣ ባዶ እጁን ማሰናበት አያውቅም። መርከቧ ሆድ ውስጥ እጁን ከተተና ማንጎ አወጣ። ከዚያ ወዲያ መንደር ባገኘን ቁጥር ቆምን፤ በቆምን ቁጥር ተማሪዎቹ እንደ መምህራቸው አደረጉ። ሐይቁ ዳር ስንደርስ ዓሣ አጥማጆች፣ እናቶች፣ ከወዲያ ማዶ ሳይቀር በጀልባ የመጡ ሰዎች ቁጭ ብለው ይጠብቁናል። እትዬ ሐዋ "እንግዳ በፀሐይ እንዴት ባዶውን ይቀመጣል?" ብለው ሳፋ በሳፋ አወረዱ። የበላው በላ፣ ለቤቱ የቋጠረው ቋጠረ። እኔም ጥላ ሥር ተቀምጬ አራት በላሁ። አቶ ይመር ከሁላችንም በለጠ፤ ነጭ ሸሚዙ ደረቱ ላይ ቢጫ ሆነ። እያንዳንዱ ያወጣውን አንድ ሳፋ ብቻ ቆጠረ እንጂ ድምሩን ያሰበ አልነበረም።

ውሃው ሰማያዊ ሆኖ እስከ ኮረብታዎቹ ተዘርግቷል። የሰጠሙ ዛፎች ደረቅ ጫፋቸው ከውሃው ወጥቶ ከሩቅ የመርከብ ምሰሶ ይመስላሉ፤ ሐምዳን ዓይኑን በጨው አጥቦ አየኝና "ውብነሽ፣ ወደቡ ሙሉ ነው" አለኝ። ዳሩ ላይ ውሃው ከወገብ አያልፍም። አርባ ያህል ተማሪዎች ገመድ ይዘው፣ በዘፈን እየጎተቱ መርከቧን ከሣሩ ወደ ውሃው አወረዷት። ሸራዎቹ ተለቀቁ። ነፋስ መጣ፤ ሸራዬ ሆዱን ነፋ፤ ጭብጨባው ቀለጠ።

ከዚያ መርከቧ ወደ ግራ ዘመመች። መጀመሪያ እንደ መስገድ ያለች መስሎን አጨበጨብን። ዘምማ ግን አልተመለሰችም። አራተኛው ፎቅ ይጎትታታል፤ መድፎቼ ወደ ውሃው አፈጠጡ፤ የመካከለኛው ምሰሶ ጫፍ እየወረደ መጣ። ልጆቹ በቀኝ በኩል ያለውን ገመድ ተሳስበው ያዟት። ሐምዳን እስከ ደረቱ ውሃ ውስጥ ገብቶ በመድፍ ቀዳዳ ወደ ሆዷ አየ። ሲመለከተን ፊቱ አመድ መስሏል።

"ባዶ ናት" አለ። ማዳበሪያዎቹ እንደ ተገፈፈ ቆዳ ወለሉ ላይ ተኝተዋል።

ዳሩ ሣርና ጭቃ ነው፤ ድንጋይ ቢፈለግም የለም። ልጆቹ ክንዳቸው እየዛለ መጣ። አቶ ይመር ሸሚዙ ላይ ያለውን ቢጫ በመዳፉ ሸፍኖ ቆሟል፤ ደስ ያለው አይመስልም ነበር፤ ግን ቃል ቃል ነው። ሐምዳን መጥረቢያ አምጡ አለ፤ አራተኛውን ፎቅ ሊቆርጠው ነው። የሠሩት ልጆች ገመዱን ሳይለቁ ማልቀስ ጀመሩ። እኔም ጥፋቱ በአራት ማንጎ እንደሚደርሰኝ አሰብኩ።

ያኔ እትዬ ሐዋ ተነሡ። ነጠላቸውን ወገባቸው ላይ አጠበቁና ጮክ ብለው ሳይሆን እንደ ገበያ ሒሳብ በእርጋታ ተናገሩ።

"ማንጎ የት ሄደ ትላላችሁ? የትም አልሄደም። ሆዳችን ውስጥ አለ። የበላ ሰው ይግባ፣ ታች ይቀመጥ።"

እሳቸው ቀድመው ገቡ። በመሰላል ወርደው መርከቧ ግርጌ እግራቸውን ዘርግተው ሲቀመጡ መርከቧ ቃተተች፤ ምሰሶው ትንሽ ቀና አለ። ከዚያ ማን ይቀራል? ዓሣ አጥማጆቹ ገቡ። የመንጌ ሽማግሌዎች እየተደጋገፉ ገቡ። እኔ ጫማዬን አውልቄ ገባሁና ከሽማግሌዎቹ አንዱ ጉልበት ሥር ተወሸቅሁ። በእያንዳንዳችን ምሰሶው አንድ ስንዝር ቀና ይላል፤ ከዳር ያሉት እያዩ ይነግሩናል። ገና ትንሽ ትቀራለች አሉን። ሰው ሁሉ ዞሮ አቶ ይመርን አየ።

ሸሚዙን አየ። ሳቀ። ሱሪውን እስከ ጉልበቱ ጠቅልሎ ውሃውን ተሻገረና ታች፣ ከሁላችን በታች፣ ባዶዎቹ ማዳበሪያዎች ላይ ተቀመጠ።

ገመዱ ሲለቀቅ ሰማሁት። መርከቧ ወደ ቀኝ ትንሽ አመነታች፣ ተመለሰች፣ ጸጥ አለች። ከዚያ መሄድ ጀመረች። እኛ ከሆዷ ውስጥ የምናየው ላስቲክና የጎረቤታችንን ብብት ብቻ ነው፤ ውሃው ግን ከጆሯችን አጠገብ ሲሮጥ ይሰማናል። ከላይ ሐምዳን መሪውን ይዞ ቆሟል፤ እግሩ በወለሉ ስንጥቅ ይታየኛል።

"ጋሼ ሐምዳን" አለ አቶ ይመር ከታች። "ከዚህ ሆኜ ምንም አይታየኝም። ይንገሩኝ እስቲ፤ ቆማለች ወይ?"

ሐምዳን ወደ ወለሉ ስንጥቅ ጎንበስ አለ።

"ቀጥ ብላ፣ ልጄ።"

"እንግዲያው ክፍሉ የመርከቦቹ ነው። መጻሕፍቱን እኔ ቤት እወስዳለሁ።"

እትዬ ሐዋ እልል አሉ። በጠባብ ቦታ የእሳቸው እልልታ ጆሮ ያደነቁራል፤ እኔ ግን ስስቅም ሳለቅስም ስለነበር ግድ አልሰጠኝም። ዳር ያሉት ሁሉ መርከቧን አዩ፤ እኛ ያቆምናት ሰዎች ሳናያት ቀረን። ማታ በስልክ የተነሣውን ፎቶ አሳዩን። እውነትም ቀጥ ብላለች፤ ሸራዬም ሞልቷል።

ሰኞ፣ ወደ ቤት

እሑድ ስወጣ እትዬ ሐዋ አንድ ማዳበሪያ ማንጎ አስጫኑልኝ፤ "ልጆችህ ይብሉ" ብለው። መጻሕፍቱ የዚያኑ ጠዋት በጋሪ ወደ አቶ ይመር ቤት ሲሄዱ፣ ሐምዳን ራሱ ከኋላ ሲገፋ አየሁት። እሱም አንድ ረድፍ መደርደሪያ ከመርከብ ክፍሉ ለመጻሕፍቱ እንደሚለቅ ነገረኝ። በጋሊዮን ጉዳይ ግን አሁንም አልተስማማንም፤ እስከ መናኸሪያው ድረስ እየተጣላን ሄድን።

ስለ ስፔን መርከቦች ብዙ አንብቤ ነበር። የመድፋቸውን ብዛት፣ የሸራቸውን ስፋት፣ የካፒቴኖቻቸውን ኩራት አውቃለሁ። ከሆዳቸው ግርጌ ስለተቀመጠው ነገር ግን ተቀምጬበት እስካየው ድረስ አንድም ቀን አስቤ አላውቅም። አሁን የመርከብ ሥዕል ሳይ ዓይኔ መጀመሪያ የሚሄደው ከውሃው በታች ወደሚደበቀው ክፍል ነው።

ግምቢ አጠገብ ያለው ኬላ ላይ ያው ፖሊስ ነበር። ከሩቅ አይቶኝ ፍተሻውን ትቶ መጣ። ቆማለች አልኩት፤ እንዴት እንደቆመችም ነገርኩት። ማንጎውን ባየ ጊዜ እጁን ዘረጋ፣ እኔም ማዳበሪያውን ከፈትኩ። ባልደረቦቹም ነበሩ። አውቶቡሱ ውስጥ ታሪኩን የሰማ ሁሉ ደግሞ የመርከቧን ማንጎ ካልቀመስኩ አለ። ነቀምቴ ላይ አልጋ ላከራየኝ ሰው፣ ባኮ ላይ ሕፃን ላዘለች እናት፣ አምቦ ላይ ጭነቴን በነጻ ይዞ ለመጣው ረዳት ሰጠሁ።

ሰኞ ከሰዓት ቤቴ ስገባ ልጆቼ በር ላይ ተቀበሉኝ። ማዳበሪያውን አራገፍኩት፤ ምንም የለም። ወዲያው ለሐምዳን ደወልኩለት።

"ሐምዳን" አልኩት፣ "ማንጎው እንዴት እንዳለቀብህ ገባኝ።"